ማርቲን ኮልና ግልጽ የጾታ ትምህርት ፊልሞች፦ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ከዚህ በታች ያሉት ጥያቄዎች ስለ ፊልሞቹ ታሪክም፣ እንዲህ ያለውን ፊልም ለአፍላ ወጣቶች ስለ ማሳየትም ናቸው። ዓመቶቹ ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው።

ማርቲን ኮል ማን ነበር?

ማርቲን ኮል (1931–2015) በእንግሊዝ በርሚንግሃም ከተማ፣ በአስተን ዩኒቨርሲቲ የጄኔቲክስ መምህር ነበር። በአገሩ ስሙን ያናኘው በ1971 ያወጣው «ግሮዊንግ አፕ» («ማደግ») የተባለ የ23 ደቂቃ የትምህርት ፊልም ነው። ከፊልሙ በፊትም በከተማው ስሙ ይታወቅ ነበር። የብሪታንያ የውርጃ ሕግ በ1967 ወጥቶ በ1968 ሥራ ላይ ሲውል፣ በርሚንግሃም ውስጥ ሕጉ የፈቀደላቸውን አገልግሎት ለማግኘት ለተቸገሩ ሴቶች የምክር ማዕከል ካቋቋሙት ሰዎች አንዱ እሱ ነው። ያ ማዕከል በኋላ በመላ አገሪቱ ቅርንጫፍ ያለው ትልቅ ድርጅት ሆነ። በሞዝሊ ሰፈር የራሱን የጾታ ትምህርትና ምርምር ተቋምም ይመራ ነበር። እዚያ ይሰጠው የነበረው «ተተኪ ጓደኛ» የሚባለው ሕክምና፣ ማለትም የወሲብ ችግር ላለበት ሰው አብራ የምትለማመድ ሰው የመመደብ ዘዴ፣ ከፊልሙ ያላነሰ ክርክር አስነሥቷል። ጋዜጦቹ «ኦልድ ኪንግ ኮል» («ሽማግሌው ንጉሥ ኮል») ከሚለው የታወቀ የልጆች መዝሙር ተውሰው «ሴክስ ኪንግ ኮል» («የወሲብ ንጉሥ ኮል») ይሉት ነበር።

ፊልሙ ውስጥ ምን አለ?

ስለ አካል ዕድገት፣ ስለ ግለ ወሲብ (ሴጋ)፣ ስለ ግብረ ሥጋ ግንኙነት፣ ስለ እርግዝናና መከላከያው ያስተምራል። ያዘጋጀው አርኖልድ ሚለር ሲሆን ትረካውን ያነበበው ራሱ ኮል ነው። ድምፁ እንደ ክፍል መምህር ረጋ ያለ፣ ደረቅ ያለ ነው። ከእሱ በፊት የነበሩት ፊልሞች በሥዕል ወይም በእንስሳ ምሳሌ ያልፉት የነበረውን እሱ በእውነተኛ ሰዎች አሳየ። ግለ ወሲብም ግብረ ሥጋ ግንኙነትም በካሜራ ፊት ይፈጸማሉ። ሐሳቡ ከአሠራሩ ይነበባል፤ ነገሩ ተፈጥሯዊ ነው ብሎ ነግሮ ምስሉን መደበቅ፣ ልጁን «ነውር ነው» ብሎ ማስተማር ነው የሚል።

ያን ያህል ቁጣ ለምን አስነሣ? ፊልሙ መጥፎ ስለሆነ ነው?

ፊልሙ በኤፕሪል 1971 ለንደን ውስጥ በኮንዌይ አዳራሽ ለታዳሚ ከመቅረቡም በፊት ወሬው ቀድሞት ነበር። ሜሪ ኋይትሃውስን የመሰሉ የሥነ ምግባር ተሟጋቾችና የላይኛው ምክር ቤት አባል ሎርድ ሎንግፎርድ አወገዙት። የዚያን ጊዜዋ የትምህርት ሚኒስትር ማርጋሬት ታቸርም እንዳሳሰባት ገለጸች። የበርሚንግሃም የትምህርት ኮሚቴ በትምህርት ቤቶቹ እንዳይታይ ከለከለ፤ በፊልሙ ውስጥ የታየች አንዲት መምህርትም ከሥራዋ ታገደች፤ በኋላ ተመልሳለች።

ቁጣው በአብዛኛው ያነጣጠረው በግልጽ ትዕይንቶቹ ላይ ነው፤ ከተቃዋሚዎቹም ፊልሙን ሳያዩ በወሬ ብቻ የተናደዱ ነበሩ። ይህ ማለት ግን ፊልሙ እንከን የለሽ ነው ማለት አይደለም። ተራኪው ስለ ወንድና ስለ ሴት ባሕርይ የሚለው፣ ወንዱን ሰጪ ሴቷን ተቀባይ የሚያደርግ ያረጀ አነጋገር ነው። በምስሉ አብዮተኛ፣ በቃሉ ወግ አጥባቂ የሆነ ሥራ ነው። በእኛ ግምት ትልቁ ጉድለቱ ሌላ ነው፤ ወደ እሱ ከታች እንመለሳለን።

ከኮል በፊት በዚህ መስክ ማንም አልነበረም?

ነበሩ። ሁለቱን ማወቅ ይበቃል።

የመጀመሪያው የዋልት ዲስኒ ድርጅት በ1946 ያወጣው የ10 ደቂቃ የካርቱን ፊልም ነው፤ ርእሱ «የወር አበባ ታሪክ» ማለት ነው። ገንዘቡን የከፈለው የኮቴክስ የንጽህና መጠበቂያ አምራች ነው። በአሜሪካ ትምህርት ቤቶች በአሥር ሚሊዮኖች የሚቆጠሩ ልጃገረዶች አይተውታል። «ቫጃይና» የሚለውን ቃል በፊልም ጽሑፍ ውስጥ በመጠቀም የመጀመሪያው እንደሆነ ይነገርለታል። በወር አበባ ጊዜ ገላ መታጠብና አካል ማንቀሳቀስ እንደሚቻል በግልጽ መናገሩ ለጊዜው ደፋር ነበር። ነገር ግን ደሙን በነጭ ቀለም ሥሎታል! ስለ ግብረ ሥጋም ትንፍሽ አይልም። በ2015 በአሜሪካ ብሔራዊ የፊልም መዝገብ ውስጥ ገብቷል።

ሁለተኛው በአሜሪካ ኦሪገን ግዛት የተጠነሰሰው «ሂውማን ግሮውዝ» («የሰው ልጅ ዕድገት») ነው። በ1940ዎቹ መጨረሻ ወጣ። የትምህርት ሐሳቡ የኦሪገን ዩኒቨርሲቲው የሥነ ልቦና መምህር የሌስተር ቤክ ነው። ወጪውን የሸፈነው አንድ የፖርትላንድ ሐኪም ለጾታ ትምህርት እንዲውል በተናዘዘው ሀብት የቆመ አደራ ነው፤ ፊልሙን የሠራው የተዋናዩ የኤዲ አልበርት ድርጅት፣ ዳይሬክተሩም ሳይ ዌክስለር ነው። ርዝመቱ ወደ 20 ደቂቃ ይጠጋል።

የቤክ ፊልም ከኮል ፊልም በምን ይለያል?

በግልጽነት ብቻ አይደለም። በአገነባቡ ነው፤ ዛሬ ለሚያስተምር ሰው የሚጠቅመውም ይኸው ልዩነት ነው።

የቤክ ፊልም የሚጀምረው በአንድ ቤተሰብ ቤት ነው። ከዚያ ወደ ክፍል ይገባል፤ ወንዶችና ሴቶች ተማሪዎች አብረው ተቀምጠዋል። መምህርቷ ፊልም ታሳያቸዋለች፤ ማለትም ፊልም ውስጥ ሌላ ፊልም አለ። የውስጡ ፊልም በተንቀሳቃሽ ሥዕል የአካልን ዕድገት፣ የወር አበባን፣ የፅንስን አፈጣጠርና ልደትን ያስረዳል። ካበቃ በኋላ በፊልሙ ክፍል ያሉት ልጆች እጃቸውን እያወጡ ይጠይቃሉ፤ መምህርቷ ትመልሳለች። የፊልሙ የመጨረሻ ክፍል ጥያቄ ነው። መብራቱ ሲበራ እውነተኛው ክፍል ያለ ትእዛዝ ይቀጥላል፤ ምክንያቱም ሌላ ልጅ ቀድሞ ሲጠይቅ አይተዋል፤ መምህርም ሳትቆጣ ስትመልስ አይተዋል።

ይህ ትልቅ ብልሃት ነው። ልጅ የሚፈራው መልሱን አይደለም፤ የመጀመሪያው ጠያቂ መሆንን ነው። ቤክ ያንን ሸክም ለፊልሙ ተማሪዎች አሸከመው።

ኮል ግን ሁሉንም ነገር ፊልሙ ውስጥ አስገባ። ሳይጠየቅ መለሰ፣ አሳየ፣ ጨረሰ። መምህሩ መብራት አጥፍቶ መብራት ከማብራት በቀር ሥራ አልተረፈለትም። ቁጣው ሲመጣም መምህሩ የሚከራከርለት የራሱ ትምህርት አልነበረውም፤ የኮል ምስል ብቻ ነበረው። ቤክ ፊልሙን ሳይጨርስ ተወው፤ ስለዚህ የቤክ ፊልም እየተሻሻለ እስከ 1970ዎቹ በትምህርት ቤት ሲታይ ኖረ፤ የኮል ፊልም ግን ወደ ክፍል በቅጡ ሳይገባ ቀረ።

«ሞዴስ» የሚለው ቃል ከእነዚህ ፊልሞች ጋር ይገናኛል የሚባለው እውነት ነው?

ቃሉ ከፊልሞቹ አልመጣም፤ ከአንዱ ከፋይ ስም ግን መጥቷል። አማርኛችን ማንኛውንም የወር አበባ መጠበቂያ «ሞዴስ» ይለዋል፤ የአንድ የአሜሪካ ምርት የንግድ ስም ነበር። የዚያው ምርት ባለቤቶች በ1953 አንዲት ልጃገረድ የመጀመሪያ የወር አበባዋን ስታይ የሚያሳይ የትምህርት ቤት ፊልም በገንዘብ ደግፈዋል። ኮቴክስ ከዲስኒ ጋር፣ ሞዴስ ከሌላ ድርጅት ጋር ሆነው በአንድ ዘመን ለአንድ ገበያ ይሽቀዳደሙ ነበር ማለት ነው።

ከዚህ የሚወሰድ ጥንቃቄ አለ። ፊልሙን የከፈለው የንጽህና መጠበቂያ ሻጭ ከሆነ፣ ፊልሙ ስለ ንጽህና ያወራል፤ ስለ ሕመም፣ ስለ እርግዝናና ስለ ወንዶች ዝም ይላል። ዛሬም ነፃ የሚታደሉ ቪዲዮዎች ላይ መጀመሪያ መታየት ያለበት ማን እንደከፈለ ነው።

ሥዕል ይሻላል ወይስ እውነተኛ አካል?

ለ9 እና 10 ዓመት ልጅ ሥዕል ይበቃል። ሥዕል ግን የራሱ ወጥመድ አለው፤ ብዙ መምህራን የሚሳሳቱትም እዚህ ላይ ነው።

የመጀመሪያው ወጥመድ የጎን ቁርጥ ሥዕል ነው። አካል ለሁለት ተሰንጥቆ ከጎን የሚታይበት ሥዕል ለሐኪም ግልጽ ነው፤ ለልጅ ግን የማይታወቅ ካርታ ነው። ማህፀኑ በአየር ላይ የተንሳፈፈ ይመስላል። መፍትሔው ከፊልሙ በፊት በሰሌዳ ላይ የሰውን ሙሉ ቅርጽ ከፊት ለፊት ሥሎ፣ ሦስቱን ነጥቦች ማለትም እምብርትን፣ የጭን መጋጠሚያንና በመካከል ያለውን የማህፀን ቦታ ማሳየት፣ ከዚያ «አሁን ሰውዬውን ወደ ጎን አዞርነው» ማለት ነው። 2 ደቂቃ ይፈጃል።

ሁለተኛው መጠን ነው። በስክሪን ላይ ማህፀኑ ግድግዳውን ይሞላል፤ ልጃገረዶች ሆዳቸውን ሁሉ የሚይዝ ትልቅ ነገር ይመስላቸዋል። ያላረገዘች ሴት ማህፀን ርዝመቱ 7 ወይም 8 ሴንቲ ሜትር ያህል ነው፤ ተገልብጦ የተያዘ ፒር የሚባል ትንሽ ፍሬ ብሎ ማሰብ ይቻላል። እንቁላሉ 0.1 ሚሊ ሜትር ገደማ ነው፤ በተቀረጸ እርሳስ ጫፍ ከምትደረግ ነጥብ ያንሳል። የወር አበባ ደም በአንድ ዙር በአማካይ ከ30 እስከ 40 ሚሊ ሊትር፣ 2 ወይም 3 የሾርባ ማንኪያ ነው። ይህን ቁጥር የማትሰማ ልጅ የመጀመሪያ ቀን ደሟ እያለቀ ይመስላታል።

ሦስተኛው ወጥመድ ሁሉም ሥዕል አንድ ዓይነት መሆኑ ነው። አንድ ቅርጽ ብቻ ሲታይ ልጁ ከእሱ የተለየውን የራሱን አካል ጉድለት ያደርገዋል። እውነተኛ አካል የሚያሳዩ ፊልሞች እዚህ ላይ ይበልጣሉ። የኖርዌይ ብሔራዊ ማሰራጫ በ2015 ለልጆች ያዘጋጀው ባለ 8 ክፍል ስለ ጉርምስና የሚያስረዳ ዝግጅት የተለያዩ አካላትን በስቱዲዮ ውስጥ፣ በሐኪም ቤት ብርሃን በመሰለ ጸዳል፣ ያለ ወሲባዊ ድርጊት አሳይቷል። ኮል አካልን ማሳየትና ድርጊትን ማሳየት አንድ ያደረጋቸው ይመስላል። የተለያዩ ነገሮች ናቸው።

የድሮዎቹ ፊልሞች ከሚያስተምሩት ውስጥ ዛሬ ስሕተት የሆነው የቱ ነው?

«የወር አበባ በየ28 ቀኑ ይመጣል» የሚለው ቀዳሚው ነው። 28 አማካይ ነው። የአዋቂ ሴት ዙር ከ21 እስከ 35 ቀን ጤነኛ ነው፤ የወር አበባ ከጀመረ በኋላ ባሉት የመጀመሪያ ዓመታት ደግሞ እስከ 45 ቀን ሊርቅ ይችላል። ፊልሙ 28 ብሎ ሲያበቃ በ40ኛው ቀን ያልመጣባት ልጅ ትሸበራለች።

ሌላው የሕመም ጉዳይ ነው። የ1940ዎቹና 50ዎቹ ፊልሞች ሕመሙን «ቀና ብለሽ ቁሚ፣ ፈገግ በይ» በሚል ዓይነት ምክር ያልፉታል። ከትምህርት የሚያስቀር ሕመም ሐኪም ማየት የሚገባው ነው። የወንዶቹ ፊልሞች ደግሞ ስለ ሕልመ ሌሊት ይናገሩና ስለ ጡት ማበጥ ዝም ይላሉ። በጉርምስና ጊዜ ከወንዶች ግማሽ ያህሉ ጡታቸው ሥር ትንሽ እብጠት ይወጣቸዋል፤ ብዙውን ጊዜ በ2 ዓመት ውስጥ ይጠፋል። ያልተነገረው ልጅ ሸሚዙን አያወልቅም፣ ዋና አይሄድም፣ ለማንም አይናገርም።

የቂንጥርን ስም ደግሞ አብዛኞቹ ፈጽሞ አያነሡትም። በኢትዮጵያ የሴት ልጅ ግርዛትን በወንጀል ሕግ መከልከል በ2004 የመጣ ነገር ነው፤ ስለ ግርዛት የሚያስተምር ሰው ይህን አካል ሳይሰይም ስለ ጉዳቱ ማስረዳት አይችልም።

ወንዶችና ሴቶች ለየብቻ ይዩ ወይስ አብረው?

ፊልሙን አብረው፣ የጥያቄውን ሰዓት ከተቻለ አንዴ አብረው አንዴ ለየብቻ። ለየብቻ ብቻ ከሆነ እያንዳንዱ ወገን ስለ ሌላው የሚሰማው በበረንዳ ወሬ ነው።

በክፍል ውስጥ ፊልም ለማሳየት ምን ምን ቅደም ተከተል ያስፈልጋል?

በ16 ሚሊ ሜትር ፊልም ዘመን፣ ማለትም ፊልም በጥቅል መጥቶ በፕሮጀክተር በሚታይበት ጊዜ፣ ብዙ ምርጫ አልነበረም። ፊልሙ በሰከንድ 24 ምስል፣ በደቂቃ 36 ጫማ ይሄዳል፤ የኮል 23 ደቂቃ ወደ 830 ጫማ የሚጠጋ ጥቅል ነው። መሀል ላይ ቢያቆሙት የቆመውን ምስል የመብራቱ ሙቀት ሊያቃጥለው ይችል ስለነበር ብዙ መምህር አያቆምም ነበር። ዛሬ ማቆም ነፃ ነው፤ ቢሆንም ብዙ መምህር እንደ ሲኒማ ቤት እስከ መጨረሻው ይለቀዋል።

ለ40 ደቂቃ ክፍለ ጊዜ የሚሠራ አካሄድ እነሆ። አስቀድመው ፊልሙን ሁለት ጊዜ ይዩ፤ አንዴ እንደ ተመልካች፣ አንዴ ወረቀት ይዘው። የሚያቆሙበትን ደቂቃና ሰከንድ ይጻፉ። ከአንድ ሳምንት በፊት ለወላጆች ያሳዩ፤ ስለ ፊልሙ መንገር አይበቃም፣ ሙሉውን ይዩት። በ1971 ወሬው ፊልሙን እንደቀደመው ሁሉ፣ ቁጣው የሚበረታው ባላየው ሰው ላይ ነው። ከኢንተርኔት ላይ በቀጥታ አያጫውቱ። ቪዲዮውን በፍላሽ ይያዙ፤ ካልሆነ ፊልሙ እንዳለቀ ማሽኑ ራሱ መርጦ የሚያመጣው ቀጣይ ቪዲዮ ምን እንደሚሆን አይታወቅም። በዚህ ብቻ የተበላሸ ትምህርት ብዙ ነው።

በዕለቱ የመጀመሪያዎቹን 5 ደቂቃዎች ለቃላት ያውሉ፦ በሰሌዳ ላይ ከ6 የማይበልጡ ቃላት ይጻፉና ክፍሉ ድምፁን ከፍ አድርጎ አብሮ ያንብባቸው። ሳቁ እዚህ ይውጣ። ከዚያ ከ5 እስከ 7 ደቂቃ የሚሆን የፊልም ቁራጭ ያሳዩ፤ 20 ደቂቃ ለአንድ ክፍለ ጊዜ ይበዛል። ክፍሉን ሙሉ በሙሉ አያጨልሙ፤ ጨለማ ነገሩን ምስጢር ያስመስላል፣ ለጉንተላም ያመቻል። ቀጥሎ ያንኑ ቁራጭ ድምፁን ዘግተው ደግመው ያሳዩ፤ ትረካውን እርስዎ በራስዎ ቃል ይናገሩ፣ በጻፏቸው ቦታዎች ያቁሙ። 10 ደቂቃ ይበቃል። የቀረው ለጥያቄ ነው፤ የመጨረሻዎቹ 5 ደቂቃዎች ለጽሑፍ ጥያቄ።

ሳቅን በቁጣ አያስቁሙ። በመጀመሪያዎቹ 2 ደቂቃዎች የሚመጣ ሳቅ ሐፍረት የሚወጣበት መንገድ ነው፤ ራሱ ይበርዳል። «ዝም በሉ! ምን ያስቃል?» ያለ መምህር ሳቁን ያቆማል፣ ጥያቄውንም አብሮ ያቆመዋል።

የጥያቄ ሣጥን ብናስቀምጥ ማንም አይጽፍም። ለምን?

የሚጽፈው ስለሚታወቅ ነው። ወረቀት ሲቀደድ፣ እስክሪብቶ ሲወጣ ጎረቤት ያያል። ስለዚህ ለሁሉም እኩል የተቆረጠ ወረቀት ያድሉ፤ ሁሉም በአንድ ጊዜ እንዲጽፍ ያድርጉ። ጥያቄ የሌለው «ጥያቄ የለኝም» ብሎ ሁለት ጊዜ ይጻፍ፤ ሁለቴ ያልነው የሁሉም እጅ ለተቀራራቢ ጊዜ እንዲንቀሳቀስ ነው። ወረቀቱ ሁለቴ ታጥፎ በካርቶን ውስጥ ይገባል፤ ካርቶኑ በተማሪ እጅ ሳይሆን በመምህሩ ይዞራል።

መልሱን እዚያው አይስጡ። ወስደው ያንብቡ፣ በሦስት ይክፈሉ፦ በሚቀጥለው ክፍለ ጊዜ ለሁሉም የሚመለስ፣ ሐኪም ወይም ነርስ መጠየቅ ያለበት፣ እና ከኋላው ልጅ አደጋ ላይ መሆኑ የሚጠረጠርበት። ጽሑፉ ስድብ ቢሆንም አይጣሉት፤ ብዙ ጊዜ ልጁ ሌላ ቃል ስላላወቀ ነው። ጥያቄውን በትክክለኛው ቃል ለውጠው ያንብቡት። የእጅ ጽሑፉን አውቃለሁ ብለው ልጁን አይዩ።

ትረካውን ወደ አማርኛ መመለስ ያስቸግራል። ምን ይሻላል?

ከእንግሊዝኛው በቀጥታ መተርጎም ሁለት ችግር ያመጣል። አንዱ ጊዜ ነው፤ የአማርኛ ቃል ረጅም ስለሆነ ትረካው ምስሉን ያልፈዋል። ለ5 ደቂቃ ምስል ከ450 እስከ 500 ቃል በቂ ነው፤ ከዚያ በላይ አንባቢው መሮጥ ይጀምራል።

ሌላው፣ ከባዱ፣ የቃል መደራረብ ነው። «የዘር ፍሬ» ሲባል አንዱ ቆለጥን ያስባል፣ ሌላው በፈሳሹ ውስጥ ያለውን ሕዋስ። አንዴ «ቆለጥ»፣ «የዘር ሕዋስ»፣ «የዘር ፈሳሽ» ብለው ከለዩ እስከ መጨረሻው አይለዋውጡ። «ማህፀን»ም እንዲሁ ነው፤ በሰው አፍ ከብልት የሚወጣው ሁሉ «የማህፀን ፈሳሽ» ይባላል። ስለዚህ ልጆቹ ማህፀንና የብልት መተላለፊያ አንድ ይመስሏቸዋል። በፊልሙ ላይ እያንዳንዱን በጣት እያሳዩ መሰየም ይበጃል። የወር አበባን «ፔሬድ» የሚሉት ልጆች አሉ፤ ግለ ወሲብንም ብዙዎቹ የሚያውቁት «ሴጋ» በሚለው ነው። የእነሱን ቃል አንዴ ይጥሩ፣ «እናንተ እንዲህ የምትሉት» ይበሉ፣ ከዚያ በትምህርቱ ቃል ይቀጥሉ። ጨርሶ ካልጠሩት ስለ ሌላ ነገር የሚወራ ይመስላቸዋል።

በውጭ አገር ለሚያድጉ ልጆች ነገሩ ይገለበጣል፤ የእንግሊዝኛውን ወይም የዕብራይስጡን ቃል ከትምህርት ቤት ያውቁታል፣ የሚያጡት ለእናታቸው የሚነግሩበትን የአማርኛ ቃል ነው። ለእነሱ ቃላቱን በሁለቱም ቋንቋ ጎን ለጎን መጻፍ ነው።

በስንት ዓመታቸው ይዩ?

ለውጡ ከመጀመሩ በፊት። ጉርምስና በሴቶች ከ8 እስከ 13፣ በወንዶች ከ9 እስከ 14 ዓመት ይጀምራል። ስለዚህ ስለ አካል ለውጥ የሚያስረዳው ፊልም ለ9 እና ለ10 ዓመት ልጆች ነው፤ 7ኛ ክፍል ላይ ሲታይ ለብዙዎቹ ያለፈ ዜና ነው። ስለ ግብረ ሥጋ፣ ስለ መከላከያና ስለ በሽታ የሚያስተምረው ከ12 ዓመት ጀምሮ ይቀጥላል። የተባበሩት መንግሥታት የትምህርት ድርጅት የዩኔስኮ የጾታ ትምህርት መመሪያ (በ2009 ወጥቶ በ2018 የተሻሻለው) ዕድሜውን ከ5–8፣ 9–12፣ 12–15 እና ከ15 በላይ ብሎ ይከፍለዋል።

እንዲህ ያለው ትምህርት ልጆችን ወደ ወሲብ አይገፋፋም?

አይገፋፋም። የዩኔስኮ መመሪያ የመረመራቸው ጥናቶች ትምህርቱ ግንኙነት የሚጀመርበትን ዕድሜ እንደማያስቀድም ያሳያሉ። ስዊድን ከ1955 ጀምሮ በሁሉም ትምህርት ቤት ግዴታ አድርጋ ስታስተምር ኖራለች።

የኮልን ፊልም ዛሬ ለተማሪዎች ማሳየት ይቻላል?

አይቻልም፣ አይገባምም። እውነተኛ ወሲባዊ ድርጊት ያለበትን ምስል ከ18 ዓመት በታች ለሆነ ልጅ ማሳየት በብዙ አገር ወንጀል ነው፤ ዓላማው ትምህርት መሆኑ መምህሩን አያድነውም። የብሪታንያ የፊልም ተቋም በ2009 የድሮ የጾታ ትምህርት ፊልሞችን ሰብስቦ በዲቪዲ ሲያወጣ አካትቶታል፤ ለታሪክ አጥኚ የሚሆነው ያ ነው። ለክፍል ከኮል የሚወሰደው ቀጥተኛ አነጋገሩ ብቻ ነው።

ከፊልሙ በኋላ አንድ ልጅ ጥቃት እንደደረሰበት ቢናገርስ?

ፊልሙን ከማሳየትዎ በፊት ይህን ይዘጋጁበት፤ ስም ያልነበረው ነገር ስም ሲያገኝ መናገር ይመጣል። በክፍል መካከል ከጀመረ «ይህን ለብቻችን እንነጋገርበት» ብለው በዝግታ ያቁሙት፤ ሌሎቹ ፊት አያስጨርሱት። ለብቻ ሲሆኑ «ለማንም አልናገርም» ብለው ቃል አይግቡ፤ መናገር ግዴታዎ ነውና ቃሉን ያፈርሳሉ። «ስለነገርከኝ ጥሩ አደረግህ፣ ጥፋቱ ያንተ አይደለም» ይበሉ። እንደ መርማሪ አይጠይቁ፤ «እሱ ነክቶሃል?» ከማለት «ከዚያስ ምን ሆነ?» ይሻላል። ልጁ ያለውን በራሱ ቃል፣ ሳያሳምሩ፣ ቀንና ሰዓት ጨምረው በዚያው ቀን ይጻፉ። ጉዳዩን ለሚመለከተው የትምህርት ቤቱ ኃላፊና ለሕፃናት ጥበቃ ክፍል ወይም ለፖሊስ ያድርሱ። ጥቃቱ ከ72 ሰዓት ወዲህ ከሆነ ልጁ ሳይዘገይ ጤና ተቋም መድረስ አለበት፤ ኤችአይቪን የሚከላከለው መድኃኒት ከዚያ ካለፈ አይሰጥም። ሐኪም ሳያየው ልብሱን አይጠብ፣ ገላውንም አይታጠብ።